በባሮና በጊሎ ወንዞች መካከል፦ ስለ ጋምቤላ ብሔራዊ ፓርክ ለጠየቃችሁኝ

በዱር እንስሳት ባለሙያነት ጋምቤላ ፓርክ ውስጥ ስምንት ዓመት ሠርቻለሁ። «የፈለጋችሁትን ጠይቁኝ» ብዬ ነበር፤ ከጠበቅሁት በላይ ጠየቃችሁ። ተመሳሳዮቹን አንድ ላይ አድርጌ እነሆ።

ጥያቄ፦ ጋምቤላ ቆላ ነው፤ በረሃ ማለት ይቀለኛል። ያ ሁሉ ጎርፍ ከየት ይመጣል?

መልስ፦ ከላይ ነዋ! ጋምቤላም ክረምት ላይ በደንብ ይዘንባል፤ ሜዳውን የሚያጥለቀልቀው ውሃ ግን አብዛኛው ጎሬ፣ መቱና ማሻ ላይ የዘነበ ነው። ጎሬ ከባህር ጠለል በላይ 2,000 ሜትር ገደማ ላይ ናት፤ ጋምቤላ ከተማ 500 ገደማ። ባሮ ያን ቁልቁለት እየተምዘገዘገ ይወርድና ከተማዋን ካለፈ በኋላ መሬቱ ልሙጥ ይሆንበታል። ከዚያ እስከ ደቡብ ሱዳን ድንበር ያለው ዝቅታ 100 ሜትር ገደማ ቢሆን ነው። ውሃው መሄጃ ሲያጣ ወደ ጎን ይዘረጋል። ነሐሴና መስከረም ላይ ከላይ ሆናችሁ ብታዩት የቱ ወንዝ፣ የቱ ሜዳ እንደሆነ አይለይም።

አፈሩ ደግሞ ጥቁር መረሬ ነው። በጋ ላይ እግር የሚያስገባ ስንጥቅ ያወጣል፤ አንድ ዝናብ ሲነካው ጎማ ይውጣል። አንድ ግንቦት «ገና ነው» ብለን ገብተን መኪናችን ሁለት ሌሊት ጭቃ ውስጥ አደረች። ጎማ ሥር የሚነጠፍ እንጨት እንኳ አጣን፤ ዙሪያው ሁሉ ሣር ነበር።

ጥያቄ፦ ጋምቤላ ውስጥ አምስት ሚሊዮን ቆርኬ አለ የሚባለው እውነት ነው?

መልስ፦ ግማሽ እውነት ነው። እ.ኤ.አ. በ2023 ደቡብ ሱዳን ውስጥ ከአውሮፕላን ቆጠራ ተካሂዶ ውጤቱ በ2024 ይፋ ሆኗል። ነጭ ጆሮ ቆርኬ ብቻውን 5 ሚሊዮን ገደማ፣ ቲያንግ ከሚባለው የቆርኬ ዘመድና ከሌሎቹ ጋር ደግሞ 6 ሚሊዮን ገደማ ተገመተ። ይህ ግን ከድንበሩ ማዶ ያለው ቁጥር ነው። ከዚያ መንጋ ከፊሉ ውሃና ለምለም ሣር ተከትሎ ደቡብ ሱዳን ካለው የቦማ ፓርክ በኩል ወደ እኛ ይሻገራል፤ ከዚያ ይመለሳል። ቆርኬ ፓስፖርት የለውም፤ ስለዚህ አንዱ አገር ብቻውን ሊጠብቀው አይችልም።

ሲያልፉ ማየት ሌላ ነገር ነው። ወንዱ ጠቆር ያለ፣ ጆሮውና የዓይኑ ዙሪያ ኖራ የተቀባ የመሰለ፤ ከሩቅ የተቃጠለ ጉቶ ይመስላል፣ ጆሮው እስኪንቀሳቀስ ድረስ። ሴቷ ቀላ ያለች ናት፣ ቀንድ የላትም። እርጥብ መሬት ላይ ሲመጡ ከኮቴያቸው በፊት የሚሰማው የጭቃው ጭልቅ ጭልቅ ነው።

ጥያቄ፦ የናይል ሌችዌ ከቆርኬ በምን ይለያል? እኔ ፎቶ ላይ ግራ ይገባኛል።

መልስ፦ ጀርባውን እይ። ወንዱ ሌችዌ ከማጅራቱ እስከ ትከሻው ነጭ ኮርቻ የተጫነ ይመስላል፤ ቀንዱም ረዘም ይላል። እግሩን ማየት ከቻልክ ደግሞ የማያሳስት ምልክት አለ፤ ሰኮናው ረዥምና የሚፈረከክ ስለሆነ ረግረግ ላይ አይሰምጥም። በዓለም ላይ ያለው ደቡብ ሱዳንና ጋምቤላ ብቻ ነው፤ ለመጥፋትም ተቃርቧል። ፓርኩ በ1960ዎቹ አጋማሽ ሲቋቋም ዋነኛ ምክንያት የሆኑት እሱና ነጭ ጆሮ ቆርኬ ናቸው።

ጥያቄ፦ ሹቢል የሚባለውን ወፍ አይተኸዋል?

መልስ፦ በስምንት ዓመት ሁለቴ። ከአንድ ሜትር በላይ ቁመት፣ ጫማ የሚያህል ምንቃር። ዓሣ ሲጠብቅ ከመቆሙ ብዛት የሞተ ይመስላል። እርኩምና አባ ኮዳ ግን እስኪሰለቻችሁ ታያላችሁ።

ጥያቄ፦ ባሮ ውስጥ አዞ አለ?

መልስ፦ አለ። ልጆች ሲዋኙ አይታችሁ አትሞኙ።

ጥያቄ፦ አያቴ ጋምቤላ መርከብ ይገባ ነበር ይሉ ነበር። ቀልድ ነው?

መልስ፦ አያትህ ልክ ናቸው። በ1902 እ.ኤ.አ. በተፈረመው ስምምነት መሠረት እንግሊዞች ጋምቤላ ላይ የንግድ ጣቢያ ከፈቱ። መርከቡ ከካርቱም በነጭ ዓባይና በሶባት ወንዞች በኩል መጥቶ ቡና ጭኖ ይመለስ ነበር፤ ያውም ባሮ ሲሞላ ብቻ፣ በክረምቱ ወራት። በጋ ከመጣ ወንዙ አያስገባም።

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ ፓርኩን የጎዳው የአካባቢው ሰው ሣር ማቃጠሉና ከብቱ አይደለም?

መልስ፦ ይህን ጥያቄ ሁሌ እሰማዋለሁ፤ በጣም ቸኩሎ የተደመደመ ነው። አኙዋኮች ጎርፉ ሲሸሽ ወንዙ ዳር በቀረው እርጥበት በቆሎና ማሽላ ይዘራሉ፤ ማዳበሪያው ደለሉ ነው። ኑዌሮች ክረምት ከፍ ወዳለው መሬት ይወጣሉ፣ በጋ ከብቶቻቸውን ይዘው ወደ ወንዙ ይወርዳሉ። ሁለቱም የሚኖሩት በውሃው ሰዓት ነው፤ እንስሳቱም እንደዚያው። ሣሩ በጊዜው ሲቃጠል ደግሞ ከሥሩ ለምለም ይበቅላል፣ ቆርኬውም ይግጠዋል። ያለ ጊዜው ሲቃጠል ግን ጎጂ ነው፤ እሱን አልክድም።

ይበልጥ የጎዳው ትራክተሩ ነው። ፓርኩ ሲቋቋም 5,061 ስኩዌር ኪሎ ሜትር ተብሎ ነበር፤ በኋላ በውስጡ ትላልቅ የእርሻ መሬቶች ተሰጡ፣ ወሰኑም ተከለሰ። ረግረጉ አንዴ ተጠንፍፎ ከታረሰ ቆርኬው የሚያልፍበት መንገድ ይዘጋል። ጥይቱም ሌላ ነው፤ ድንበር አካባቢ ጦርነት በኖረ ቁጥር ጠመንጃ ይበዛል፣ ጠመንጃ ሲበዛ ደግሞ ሥጋው ገበያ ይወጣል። ከደቡብ ሱዳን የመጡትን ስደተኞች የማገዶ ፍላጎት ጨምሩበት፤ እነሱን ግን አልወቅስም፣ በምን ያብስሉ?

ጥያቄ፦ መቼ ልሂድ? ምን ልያዝ?

መልስ፦ ከታኅሣሥ እስከ የካቲት። መጋቢት ላይ ሙቀቱ 40 ዲግሪን ያልፋል። አውሮፕላን አለ፤ በመኪና ከአዲስ አበባ ከ750 ኪሎ ሜትር በላይ ነው። ስለ ጸጥታው ከመነሳታችሁ በፊት እዚያ ያለ ሰው ጠይቁ፤ የወር በፊት ወሬ አይሠራም። አጎበር፣ አቅርቦ ማያ መነጽር፣ ብዙ ውሃ። «እንስሳ በየመንገዱ አያለሁ» ብላችሁ ግን አትሂዱ፤ አንዳንዴ ሦስት ቀን ሣር ብቻ ታያላችሁ። አስጎብኚያችሁ በግንቦት «ገና ነው» ካላችሁ ደግሞ አትግቡ።