ከእናቴ በኋላ የተመዘገበ ሰው ለምን ቀድሞ ኦፕራሲዮን ይደረጋል?

እህቴ፣ እናትሽ ለሐሞት ጠጠር ኦፕራሲዮን ወረፋ እየጠበቁ ከኋላ የመጣ ሰው ሲቀድማቸው ብትናደጂ አይፈረድብሽም። ግን ወረፋው በምዝገባ ቀን ብቻ አይሄድም። ሐኪሞቹ መጀመሪያ የሚጠይቁት «ይሄ ሰው ቢቆይ ምን ይደርስበታል?» ብለው ነው። ለምሳሌ አውስትራሊያ ውስጥ በቀጠሮ የሚሠራ ቀዶ ጥገና ሦስት ደረጃ አለው፦ በ30፣ በ90 ወይም በ365 ቀን ውስጥ መሠራት ያለበት። ካንሰር የተጠረጠረበት ሰው ትናንት ቢመዘገብም ይቀድማል፤ መቅደምም አለበት።

ደረጃቸው እኩል ከሆነስ? ያኔ ነገሩ ይወሳሰባል። ሐኪሙ የቀዶ ጥገና ክፍሉን የሚያገኘው በተመደበለት ቀን ነው። የሰመመን ባለሙያ፣ ደም፣ አንዳንዴም የጽኑ ሕሙማን አልጋ አብሮ መገኘት አለበት። አንዱ ከጎደለ ቀጠሮው ይገፋል። ድንገተኛ ሕመምተኛ ከመጣማ የቀኑ ፕሮግራም ይገለባበጣል። በዕለቱ ተራም ቢሆን ስኳር ያለበት ሰው ከኦፕራሲዮኑ በፊት ሳይበላ የሚቆይበት ሰዓት እንዳይረዝምበት ጠዋት ይገባል፤ ኢንፌክሽን ያለው ብዙ ጊዜ መጨረሻ ላይ ይደረጋል።

እናትሽ ሕመሙ ከጠናባቸው፣ ካተኮሳቸው ወይም ዓይናቸው ቢጫ ከሆነ ግን ቀጠሮ አትጠብቂ። ዛሬውኑ ውሰጃቸው። እስከዚያው ግፊትና ስኳራቸውን አስለኪ፤ ተራው ደርሶ በግፊት ምክንያት የሚመለስ ሰው አለ፣ በጣም ያሳዝናል። ቀጠሮ ክፍሉንም «ሰው ከቀረ በአጭር ጥሪ መድረስ እንችላለን» ብለሽ አስመዝግቢያቸው። ስልክሽ ክፍት ይሁን።