«ተግባሩ ያልታወቀ ፕሮቲን» ሲለኝ ምን ልጻፍ?

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ ጋሼ። የምማረው ደብረ ብርሃን ነው። የመንዝ ገበሬ ልጅ ስለሆንኩ ለመመረቂያ ጽሑፌ የገብስ ፕሮቲኖችን መረጥኩ። አንዱን ብላስት የተባለው ተመሳሳይ ፕሮቲኖችን የሚፈልግ ፕሮግራም ላይ ሳስገባው መጀመሪያ የመጣው «ተግባሩ ያልታወቀ ፕሮቲን» ይላል፣ ሁለተኛው ግን «ኤምኤልኦ» የሚል ስም አለው። ጓደኞቼ የሁለተኛውን ስም ዝም ብለሽ ጻፊው ይሉኛል። ልቤ ግን አላረፈም። ምን ይሉኛል?

መልስ፦ እህቴ፣ እንኳንም ልብሽ አላረፈ። ገና አትጻፊው። ብላስት የሚነግርሽ ፕሮቲንሽ ማንን እንደሚመስል ነው እንጂ ምን እንደሚሠራ አይደለም። ያ ስም ራሱ ከሌላ ፕሮቲን የተወሰደ፣ ያም ከሌላ የተወሰደ ሊሆን ይችላል፤ መነሻው ላይ አንድ ሰው ተሳስቶ ከሆነ ስህተቱ በቅብብል አንቺ ጋ ደርሶ በጽሑፍሽ ይታተማል።

ኢንተርፕሮ የሚባለው ድረ ገጽ ላይ ግቢ። ነጻ ነው። የአሚኖ አሲዱን ቅደም ተከተል እንዳለ ለጥፊው። ኢንተርፕሮ ፒፋም፣ ፕሮሳይት፣ ፓንተር፣ ስማርትና ሌሎችም ዳታቤዞች በየራሳቸው መንገድ የሠሩትን የቤተሰብና የዶሜይን መለያ አንድ ላይ ያቀናጀ ነው። ውጤቱ ሲመጣ ፕሮቲንሽ እንደ ረጅም መስመር ይዘረጋል፣ ከሥሩ ባለቀለም ዘንጎች ይደረደራሉ። የተለያዩ ዳታቤዞች ዘንጎች አንድ ቦታ ላይ ከተደራረቡ ጥሩ ነው፣ ተስማምተዋል ማለት ነውና። ቀጥለሽ «ቤተሰብ» እና «ዶሜይን» የሚለውን ለይ። ዶሜይን የፕሮቲኑ አንድ ክፍል ነው፤ አንድ ዶሜይን ስላገኘሽ የሙሉውን ፕሮቲን ሥራ አወቅሽ ማለት አይደለም።

ቤተሰቡ ኤምኤልኦ ነው ቢልሽስ? እሱም አይበቃም። የገብሱ ኤምኤልኦ የሴሉን ሽፋን ሰባት ጊዜ በስቶ የሚያልፍ ፕሮቲን ነው። ሲበላሽ ገብሱ ቅጠል ላይ ነጭ ዱቄት የሚመስለውን ሻጋታ ይቋቋማል። የአውሮፓ ገብስ አዳቃዮች ብዙ የተጠቀሙበት ኤምኤልኦ-11 የተባለው የተበላሸ ቅጂ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1930ዎቹ ከኢትዮጵያ ገበሬዎች ከተሰበሰበ ገብስ የተገኘ ነው። የኛው ገብስ! ይህን ባነበብኩ ቁጥር ደስ ይለኛል። ግን አራቢዶፕሲስ የተባለችው የላብራቶሪ ተክል የዚሁ ቤተሰብ 15 አባላት አሏት፤ አንዱ ሴቴው ክፍል የብናኙን ቱቦ ሲቀበል ይሠራል፣ ሌላው ከሥር አስተዳደግ ጋር የተያያዘ ነው። ቤተሰቡ አንድ፣ ሥራው የተለያየ።

ስለዚህ ዩኒፕሮት ወደሚባለው የፕሮቲን ዳታቤዝ ሂጂና የሚመስሉትን አንድ በአንድ ክፈቻቸው። ስዊስፕሮት የሚባለው ክፍል ሰው አንብቦ ያረጋገጠው ነው፣ ከ570,000 በላይ ፕሮቲኖች አሉት። ትሬምብል የሚባለው ሌላው ክፍል ግን በኮምፒውተር የተሞላ ነው። ከተግባሩ ጎን «አይኢኤ» የሚል ኮድ ካየሽ ሰው በእጁ ያላጣራው ማለት ነው። «አይዲኤ» ካለ ላብራቶሪ ውስጥ በቀጥታ ታይቷል፤ ጥናቱን ፈልገሽ አንብቢው።

ሁሉም ከተስማማልሽ «የኤምኤልኦ ቤተሰብ አባል፣ ተግባሩ በሙከራ ያልተረጋገጠ» ብለሽ ጻፊ። የኢንተርፕሮውን እትም ቁጥርና ያየሽበትን ቀንም አብረሽ አስፍሪ፣ ዳታቤዙ በየጊዜው ይታደሳልና።