ስሙን ማን አወጣው?

ሰሞኑን እየተደወለ የሚቀርብልኝ ጥያቄ አንድ ዓይነት ሆኗል። «ልጅ ሊወለድልን ነው፤ አጭር የሆነ፣ ፈረንጅ የማይቸገርበት፣ ትርጉሙም የሚያምር ስም ጠቁመን።» በመጀመሪያ ማርያም በሽልም ታውጣሽ። ከዚያ ግን የኔን ስልክ ዝጉና አገር ቤት ደውሉ። መሐል ሜዳ ወይ ደብረ ሲና ወይ ምንጃር ያሉት እናታችሁ «ማን እንበለው?» ተብለው ሳይጠየቁ፣ ከኢንተርኔት ዝርዝር ስም አትምረጡ። እኔ ከደብረ ብርሃን ወጥቼ ውጭ መኖር ከጀመርኩ ብዙ ዓመት ሆኖኛል። የስንቱ ልጅ ስም ሲወጣ አይቻለሁ፤ አድገው «ይሄን ስም ማን ሰጠኝ?» ብለው ሲጠይቁም ሰምቻለሁ። ትርጉሙን ከጉግል ያገኙታል። ማን እንዳወጣውና በዚያ ሰሞን ቤቱ ውስጥ ምን እንደነበረ ግን ጉግል አያውቅም። እናንተም መልስ ካጣችሁ ልጁ ዝም ብሎ ይሄዳል።

እኛ አገር ስም ማውጣት መናገር ነው። ጥሩነሽ ስትባል፣ አንድ ሰው ሕፃኗን ታቅፎ ዓይን ዓይኗን እያየ የነገራት ነገር ነው። ማንደፍሮት የተባለው ልጅ ስም ደግሞ ለጎረቤት የተወረወረ ነው፤ ምናልባት የድንበር ክርክር ነበር፣ ምናልባት አባትየው የተናቀ መስሎት ነበር። ካሳ፣ ምትኩ፣ ተካ፣ ማስረሻ ብዙ ጊዜ ሐዘን ካለበት ቤት የሚወጡ ስሞች ናቸው። ከልጁ በፊት የሄደ ሰው አለ፤ እናቱ እሱን በጠራች ቁጥር ያንንም ሰው ታነሳለች። ሸዋረገድ፣ ሸዋንግዛው፣ ሸዋዬ ሲባል ደግሞ አገሩ ራሱ ስሙ ውስጥ ገብቷል። የተገላቢጦሹም አለ። መንዝ ማማ ምድር፣ ላሎ ምድርና ጌራ ምድር ተብሎ የተከፈለው መጀመሪያ አገሩን ባቀኑ ሦስት ሰዎች ስም ነው ይባላል።

አንድ የማውቀው ቤት አለ፤ ልጃቸውን ጄይደን አሉት። አያቱ ያሉት መንዝ ነው። በቪዲዮ ሲደውሉ ስሙ አልያዝ አላቸው፤ «ጀ... ጀዲን» ይሉና ይተዉታል። ጥቂት ወር «ልጄ» እያሉ ቆዩና አንድ እሑድ «እኔስ ምትኩ ብዬዋለሁ» አሉ። ባለቤታቸው ያረፉት ልጁ ከመወለዱ ትንሽ ቀደም ብሎ ነበር። ልጁ አሁን ስልኩ ሲጮህ «ምትኩ ነኝ!» እያለ ነው የሚሮጠው። ወላጆቹ ስሙን ወረቀት ላይ ለማስገባት በኋላ ቢሮ ለቢሮ ተንከራተቱ፣ ገንዘብም ከፈሉ። ከመጀመሪያው አንድ ስልክ ቢደውሉ ያ ሁሉ አይመጣም ነበር።

«እንዲህ ያለ ስም እዚህ ማን ይገባዋል?» ለምትሉ፣ ዙሪያችሁን እዩ። የናይጄሪያ ዮሩባዎች አያቱ ካረፈ በኋላ የተወለደውን ወንድ ልጅ ባባቱንዴ ይሉታል፤ አባት ተመልሶ መጣ ማለታቸው ነው። መንታ ሲወለድ ቀድሞ የመጣው ታይዎ፣ ተከትሎ የመጣው ኬሂንዴ ነው። የጋናዎቹ አካኖች ልጅን በተወለደበት ቀን ይጠሩታል፤ ኮፊ የዓርብ ልጅ፣ ክዋሜ የቅዳሜ ልጅ ነው። የተባበሩት መንግሥታት ዋና ጸሐፊ የነበሩት ኮፊ አናን የተወለዱት ዓርብ ቀን ነበር፤ መንታ እህታቸውም ኤፉዋ ነበረች፣ ያውም የዓርብ ሴት ማለት ነው። መሥሪያ ቤታችሁ ውስጥ ኮፊ የሚባል ሰው ካለ ስለ ስሙ ጠይቁት፤ ቶሎ ትግባባላችሁ።

የሃይማኖት ስሞችም ስታዩዋቸው ዘመዳሞች ናቸው። የኛ ገብረ እግዚአብሔርና የዓረቡ አብደላ የሚናገሩት አንድ ነገር ነው። የግሪኩ ክሪስቶዱሎስ ገብረ ክርስቶስ ነው። ቴዎድሮስ ራሱ ከግሪክ የመጣ ነው፤ የእግዚአብሔር ስጦታ ማለት ነው፣ የኛ ሀብተ እግዚአብሔር። ስፔኖች ሴት ልጃቸውን ሜርሴዴስ ሲሉ ምሕረት ማለታቸው ነው፤ መኪናውም የተሰየመው በአንድ ነጋዴ ሴት ልጅ ስም ነው። ዮሐንስ ደግሞ ከዕብራይስጥ ተነሥቶ ያልደረሰበት የለም። እንግሊዙ ጆን፣ ፈረንሳዩ ዣን፣ ጣሊያኑ ጆቫኒ፣ ስፔኑ ሁዋን፣ ሩሲያው ኢቫን፣ ዓረቡ ያህያ ይለዋል። ሁሉም በራሱ አፍ ነው የጠራው። ስለዚህ ልጃችሁን ዮሐንስ ወይ ያሬድ ወይ ሔኖክ ካላችሁት፣ እኛ እንደምንጠራው አድርጋችሁ አስጽፉት። አስተማሪዋ በሁለተኛው ሳምንት ትለምደዋለች።

አጭርና ሁለት አገር የሚያስኬድ ስም መፈለግ ነውር ነው አላልኩም። ሃና፣ ሩት፣ ማርታ፣ ናታን፣ ዳንኤል፣ ኤልያስ በሁለቱም በኩል ይኖራሉ፤ አያትም አይቸገሩባቸውም። የማልወደው በዘፈቀደ ስም መቁረጥን ነው። ፋንታሁን ፋንታ ተብሎ ሲቆረጥ ክፍሉ ውስጥ ያለው ልጅ ሁሉ የሚያስበው ለስላሳውን ነው። መቆረጡ ካልቀረ እናንተው ቀድማችሁ ቁረጡት፣ ለአገሩ ተወላጅ ጎረቤትም አሰሙት፤ በዚያ ቋንቋ ነውር የሚሆን ድምፅ ካለው ያኔውኑ ይነግራችኋል።

አሁን ብዙ ሰው ወደሚቸገርበት ወደ ወረቀቱ እንግባ። እኛ የቤተሰብ ስም የለንም። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ የቤተሰብ ስም የሚል ነገር ቢጽፍም ሕዝቡ ግን በራሱ ስም፣ በአባቱና በአያቱ ስም ቀጥሏል። እዚህ ፎርሙ ላይ ያለው የቤተሰብ ስም የሚለው ሳጥን ደግሞ ይሄንን አያውቅም። ከሁሉ በላይ የሚያሳየው አበበ ቢቂላ ነው። የዚሁ የሰሜን ሸዋ ልጅ፣ የጃቶ ልጅ። እ.ኤ.አ. በ1960 ሮም ላይ በባዶ እግሩ ሮጦ ማራቶን ሲያሸንፍ የዓለም ጋዜጣ «ቢቂላ» ብሎ ጻፈ፤ እስከ ዛሬም ብዙዎቹ እንደዚያ ነው የሚሉት። ቢቂላ ግን አባቱ ናቸው። ስሙ ኦሮምኛ ነው፣ ከመብቀል የመጣ፤ ልጁ ደግሞ በአማርኛ አበበ። አባት በቀለ፣ ልጅ አበበ። እኔ ይሄን ባሰብኩ ቁጥር ደስ ይለኛል፤ የሸዋን ሰው ለማወቅ እነዚህ ሁለት ስሞች ይበቃሉ።

በነገራችን ላይ የቤተሰብ ስም ለፈረንጆቹ ሁሉ የጥንት ነገር አይደለም። ስዊድን በሕግ የደነገገችው እ.ኤ.አ. በ1901 ነው፣ ቱርክ ደግሞ በ1934። አይስላንዶች ዛሬም እንደኛ በአባት ነው የሚጠሩት፤ የስልክ ማውጫ መጽሐፋቸውም የሚደረደረው በራስ ስም ነበር። ስለዚህ ጽሕፈት ቤት ስትገቡ እንደ አጥፊ አንገታችሁን አትድፉ። «በኛ አገር ሁለተኛው ስም የአባት ነው» በሉና ተረጋግታችሁ አስረዱ።

እኔን ብትጠይቁኝ የልጁ የቤተሰብ ስም የአባቱ ስም ይሁን፤ አገር ቤት ሲሄድም የሚጠራው በዚያው ነው። የአያትን ስም ለሁሉም አንድ አድርገው የሚይዙ ቤቶች አሉ፣ እሱም ያስኬዳል። የማያስኬደው የመጀመሪያው ልጅ በአባት፣ ሁለተኛው በአያት ሲመዘገብ ነው። ወንድማማች መሆናቸውን ለማስረዳት ዕድሜ ልካቸውን ሲከራከሩ ይኖራሉ። ሚስትም ፎርሙ ስለጠየቃት ብቻ የአባቷን ስም አትጣል። ዲግሪዋ፣ የልደት ወረቀቷ፣ የአገር ቤት ካርታዋ ሁሉ በዚያ ስም ነው ያለው። እናት ከልጇ ጋር ብቻዋን ስትጓዝ ስማቸው ስለማይመሳሰል ድንበር ላይ ሊያስቆሟት ይችላሉ፤ የልደት ምስክር ወረቀቱንና የአባትየውን የፈቃድ ደብዳቤ ቦርሳዋ ውስጥ ትያዝ።

የፊደሉም ነገር አለ። ቅ፣ ጥ፣ ጭ፣ ጽ በላቲን ልክ የላቸውም፤ ፀሐይ የሚለው ስም በአራት በአምስት ዓይነት ሲጻፍ አይቻለሁ። አንዱን ምረጡና ፓስፖርቱም፣ የባንኩም፣ የትምህርት ቤቱም በዚያው ይሁን። አንድ ፊደል ስትሳሳት የጉዳይ ፋይል ለወራት ሊቆም ይችላል።

የክርስትና ስሙንም አትርሱ። ወንዱ በ40፣ ሴቷ በ80 ቀን ሲጠመቁ ካህኑ ኃይለ ሚካኤል ወይ ወለተ ማርያም ብለው ይሰጣሉ፣ ድግሱ ሲያልቅ ደግሞ ማንም አያስታውሰውም። ጻፉት። ለቁርባንም ለጸሎትም የሚፈለገው እሱ ነው። ሸዋ ሮቢትና አልዩ አምባ ያላችሁ ሙስሊም ወገኖቼም የአቂቃውን፣ ለሕፃኑ የሚታረድበትን ቀን ለአያቶች አስቀድማችሁ ንገሩ፤ ስሙን እነሱም ይምከሩበት።

ልጅ ሁለት ሦስት ስም ቢኖረው ምንም አይደለም። አንጎለላ የተወለዱት ዳግማዊ ምኒልክ በክርስትና ስማቸው ሣህለ ማርያም፣ በፈረስ ስማቸው አባ ዳኘው ነበሩ። አያት አንዱን፣ እናት ሌላውን፣ ትምህርት ቤት ሦስተኛውን ይጥራ። ወረቀት ላይ የሚሰፍረው ላይ ግን ባልና ሚስት አስቀድማችሁ ተስማሙ። አሜሪካ ያላችሁ ከሆስፒታል ሳትወጡ ፎርሙን ያመጡላችኋል፣ በምጥ ድካም ላይ ሆኖ መከራከር ይከብዳል። እንግሊዝ 42 ቀን ይሰጣል፣ ስዊድን ደግሞ ሦስት ወር። ለአገር ቤት ግን ዛሬውኑ ደውሉ፤ መንዝ ላይ ኔትወርክ ከጠፋ ሁለትና ሦስት ቀን ሊወስድባችሁ ይችላል።