በእንግሊዝኛው ዋቢ ላይ የቻይንኛ ፊደል ሲገባ

ጥያቄ፦ ቻይና ውስጥ የዶክትሬት ጽሑፌን በማዘጋጀት ላይ ነኝ። ዞቴሮ በተባለው የዋቢ ማደራጃ ፕሮግራም ላይ የቻይናን ብሔራዊ የዋቢ አጻጻፍ ደንብ፣ ጂቢ/ቲ 7714-2015ን መርጬ የዋቢ ዝርዝሩን ሳወጣ፣ ከሦስት በላይ ደራሲ ባላቸው የእንግሊዝኛ ጽሑፎች ላይ «ኤት አል» በማለት ፈንታ የቻይንኛ ፊደል ይገባል። ቻይንኛ ምንጮችም ስላሉኝ ሁለቱን ማስታረቅ አቃተኝ።

መልስ፦ የገባው ፊደል «ዴንግ» (等) ይባላል፣ እንደ «ኤት አል» ሁሉ «እና ሌሎች» ማለት ነው። ደንቡ ላይ ችግር የለም፤ ሦስት ደራሲ ከተዘረዘረ በኋላ ለቻይንኛው ምንጭ «ዴንግ»፣ ለእንግሊዝኛው «ኤት አል» ይጻፋል። ችግሩ ዋቢው እንዴት እንደሚጻፍ ለዞቴሮ የሚነግረው የስታይል ፋይል ነው። ከዞቴሮ ማከማቻ የሚወርደው ስታይል ቋንቋው ቻይንኛ ተብሎ ተወስኖበታል፤ ስለዚህ የምንጩን ቋንቋ ሳያይ ሁሉንም በአንድ ያስተናግዳል።

መፍትሔው የዞቴሮ ቻይንኛ ተጠቃሚዎች ማኅበረሰብ ያዘጋጀው ባለሁለት ቋንቋ ስታይል ነው። ፋይሉን አውርደው፣ ዞቴሮ ሴቲንግስ ውስጥ ሳይት (Cite) የሚለውን ከፍተው በመደመር ምልክቱ ይጨምሩት። ከዚያ ወርድ ላይ ዶክመንት ፕሪፈረንስስ ገብተው ይምረጡት።

ይህ ብቻውን ግን አይበቃም። ስታይሉ ቋንቋውን የሚያውቀው በእያንዳንዱ ምንጭ መረጃ ላይ «ላንጉዌጅ» ከሚለው ሳጥን ነው። ብዙዎች እዚህ ላይ ነው የሚሰናከሉት፦ ሳጥኑ ባዶ ሲሆን ዴንግ ተመልሶ ይመጣል። የሚያስፈልገው ባለሁለት ፊደሉ አጭር ኮድ ነው፤ ለእንግሊዝኛ «ኢኤን» (en)፣ በትንንሽ ፊደል። ሁለት መቶ ምንጭ በእጅ መሙላት አድካሚ ስለሆነ ሊንተር የተባለውን ተጨማሪ ፕለጊን ይጫኑ፤ ከርዕሱ ተነስቶ ቋንቋውን ይሞላልዎታል። ከዚያ ወርድ ላይ ሪፍሬሽ ይጫኑ።

የምንጩንም ዓይነት ይዩ። የመጽሔት ጽሑፍ «ጄ»፣ መጽሐፍ «ኤም»፣ የመመረቂያ ጽሑፍ «ዲ» የሚል ምልክት በካሬ ቅንፍ ይይዛል። ከአሳሹ ሲያስገቡ ጽሑፉ እንደ ድረ ገጽ ከተመዘገበ የድረ ገጽ ምልክት ይወጣበታል፤ ዓይነቱን ከዝርዝሩ ላይ ይቀይሩ። በመጽሔት ጽሑፍ ላይ የማይፈልጉት ረጅም የድረ ገጽ አድራሻ ከተንጠለጠለ ደግሞ፣ ሳይት ውስጥ የታተሙ ጽሑፎችን አድራሻ የሚያስገባውን ምርጫ ያጥፉ። ገጽ ቁጥር የሌለው ጽሑፍ ከዚያም በኋላ አድራሻውን ስለሚያወጣ ገጹን ይሙሉ።

የእኛ የኢትዮጵያውያን ስም ላይ ልዩ ጥንቃቄ ያሻል። ደንቡ የቤተሰብ ስምን ያስቀድማል፤ አበበ ከበደ በሁለት ሳጥን ከገባ «ከበደ አ» ይሆንና አባቱ ደራሲ ይመስላሉ። በአማርኛ ለተጻፈ ሥራ ከስሙ አጠገብ ባለችው ትንሽ ቁልፍ ወደ አንድ ሳጥን ይቀይሩት፣ ስሙ ሙሉውን ይቀመጣል። በዓለም አቀፍ መጽሔት «ከበደ አ» ተብሎ የታወቀን ግን እንዳለ ይተዉት፤ አለዚያ አንባቢ ፈልጎ አያገኘውም።

ዝርዝሩን ወርድ ላይ በእጅ አያርሙ፣ ቀጣዩ ሪፍሬሽ ያጠፋዋል። የግድ በእጅ የሚነካ ነገር ካለ ፋይሉን ኮፒ ያድርጉ፣ በኮፒው ላይ ከዞቴሮ ጋር ያለውን ግንኙነት የሚያቋርጠውን አንሊንክ ሳይቴሽንስ ይጫኑና እዚያ ያርሙ። ዋናውን አይንኩት፤ አማካሪዎ አንድ ምንጭ ጨምሩ ቢሉ የሚመለሱት ወደ እሱ ነው።