ፈረንሳይኛ በየትኛው አገር፣ በምን ማዕረግ? ጥያቄና መልስ

በአዲስ አበባ የስብሰባ አዳራሾች ከፈረንሳይኛ ስተረጉም ከሃያ ዓመት በላይ ሆነኝ። በሙያዬ ምክንያት ሰው ደጋግሞ የሚጠይቀኝ አንድ ነገር ነው፤ «ፈረንሳይኛ የስንት አገር ቋንቋ ነው?» ይለኛል። ሕገ መንግሥት ላይ የሰፈረውና ገበያ ላይ የሚነገረው ለየቅል ስለሆኑ መልሱ አጭር አይደለም። ዛሬ ከሰዓት በኋላ ሥራ የለኝምና ጠይቁኝ። «ዓ.ም.» ብዬ ካልጻፍኩ በስተቀር የምጠቅሳቸው ቀኖች፣ ወራትና ዓመታት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ ዙሪያ ጥምጥሙን ትተው ቁጥሩን ይንገሩን።

መልስ፦ ፈረንሳይኛ ኦፊሴላዊ፣ ማለትም በሕግ የመንግሥት ቋንቋ፣ የሆነባቸውን አገሮች ብቻ ከቆጠርን በእኔ ቆጠራ 26 ነው። አሥራ ስምንቱ አፍሪካ ውስጥ ናቸው። አውሮፓ ውስጥ ፈረንሳይ፣ ቤልጅየም፣ ስዊዘርላንድ፣ ሉክሰምበርግና ሞናኮ አሉ፤ የቀሩት ካናዳ፣ ሄይቲና ቫኑዋቱ ናቸው። ከጥቂት ዓመታት በፊት የታተመ መጽሐፍ 29 ቢልህ ተሳስቷል አትበል። ከታተመ በኋላ ማሊ፣ ቡርኪና ፋሶና ኒጀር ከዝርዝሩ ወጥተዋል።

ጥያቄ፦ ማሊ ፈረንሳይኛን «የሥራ ቋንቋ» አደረገችው ሲባል ሰምቼ ግራ ገባኝ። እኛ ዘንድ አማርኛ የሥራ ቋንቋ ነው ይባላል። ታዲያ ፈረንሳይኛ ተሾመ ወይስ ተሻረ?

መልስ፦ ተሻረ። ግራ መጋባትህ ግን ትክክል ነው፤ እኔም በመጀመሪያው ቀን ስተረጉመው አዳራሹ ውስጥ የነበሩ ኢትዮጵያውያን ፊታቸው ተቀያይሮ ነበር። በእኛ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 5 ሁሉም ቋንቋዎች በእኩልነት የመንግሥት እውቅና አላቸው፤ አማርኛ ደግሞ የፌዴራሉ መንግሥት የሥራ ቋንቋ ነው። ስለዚህ ለእኛ ጆሮ «የሥራ ቋንቋ» ከፍ ያለ ቦታ ነው። ማሊ ውስጥ ግን ከላይ «ኦፊሴላዊ» የሚባል ወንበር አለ፤ ፈረንሳይኛ ከነጻነት ጀምሮ ተቀምጦበት ነበር። በ2023 በሕዝበ ውሳኔ የጸደቀው አዲሱ ሕገ መንግሥት ባምባራን ጨምሮ የአገሩን ብሔራዊ ቋንቋዎች እዚያ ወንበር ላይ አስቀመጠና ፈረንሳይኛን ወደ ሥራ ቋንቋነት አወረደው። በዚያው ዓመት መጨረሻ ቡርኪና ፋሶ ተከተለች፤ ፈረንሳይኛና እንግሊዝኛን ጎን ለጎን የሥራ ቋንቋ አደረገች። ኒጀርም በ2025 ሐውሳን ብሔራዊ ቋንቋ ብላ ፈረንሳይኛን ከእንግሊዝኛ ጋር አወረደችው።

የሚያስገርመው ሌላ ነው። የማሊ አዲስ ሕገ መንግሥት የተጻፈው በፈረንሳይኛ ነው። ቋንቋውን ከወንበሩ ያወረደው አንቀጽ ራሱ ፈረንሳይኛ ይናገራል! ይህን የምለው ለማላገጥ አይደለም። ለስድሳ ዓመት ሕግ፣ ፍርድ ቤትና ትምህርት ቤት በአንድ ቋንቋ ሲሠራ ከቆየ፣ የሕግ ቃላቱን በባምባራ ለማደላደል አንድ ትውልድ ቢፈጅ አይደንቅም።

ጥያቄ፦ ከፍራንኮፎኒ፣ ፈረንሳይኛ ከሚያገናኛቸው አገሮች ማኅበርም ወጡ አይደል?

መልስ፦ ሦስቱም በመጋቢት 2025 መውጣታቸውን አስታወቁ። ማኅበሩ መጀመሪያ የተመሠረተው መጋቢት 20 ቀን 1970 ኒያሜ ላይ፣ ማለትም በኒጀር ዋና ከተማ ነበር። በዓሉ ዛሬም በዚያው ቀን ይከበራል።

ጥያቄ፦ እኔ ከጅቡቲ ወደብ ጭነት የማመላልስ ሹፌር ነኝ። እዚያ ሰው የሚያወራው ሶማሊኛና አፋርኛ ነው፤ ወረቀቱ ግን ፈረንሳይኛ ነው። ለምንድን ነው?

መልስ፦ ወንድሜ፣ አንተ ያየኸው ሕገ መንግሥቱን ነው። የ1992ቱ የጅቡቲ ሕገ መንግሥት ኦፊሴላዊ የሚላቸው ዓረብኛንና ፈረንሳይኛን ብቻ ነው። ሶማሊኛና አፋርኛ የቤትና የገበያ ናቸው፤ በሬዲዮም ይሰማሉ፤ የፊርማና የማኅተም ቋንቋ ግን አልሆኑም። ፈረንሳዮች ከ1967 እስከ 1977 አገሩን «የአፋሮችና የኢሳዎች ግዛት» ይሉት ነበር። በሁለቱ ሕዝቦች ስም ግዛት ሰይመው መዝገቡን በፈረንሳይኛ ያዙት። ነጻነት ሲመጣ ዓረብኛ የተጨመረው በሃይማኖትና ከዓረብ ሊግ ጋር ባለው ትስስር ነው። አንዱን የቤት ቋንቋ ኦፊሴላዊ ቢያደርጉት ሌላው ወገን እንዳይቀየም ሁለቱንም መተው ይቀል ይመስለኛል፤ ይህ የእኔ ግምት ነው።

ጥያቄ፦ አልጄሪያስ? የማውቃቸው አልጄሪያውያን ሁሉ ፈረንሳይኛ ይናገራሉ።

መልስ፦ አይደለም። ዓረብኛ፣ ከ2016 ጀምሮ ደግሞ ታማዚግት፣ የበርበሮቹ ቋንቋ። የፍራንኮፎኒም አባል አይደለችም።

ጥያቄ፦ ማዳጋስካር እንግሊዝኛም ኦፊሴላዊ ነው ብዬ አውቃለሁ።

መልስ፦ ነበር። በ2007 ገባ፣ በ2010 በወጣው ሕገ መንግሥት ተነሣ። አሁን ማላጋሲና ፈረንሳይኛ ናቸው።

ጥያቄ፦ ሩዋንዳ ፈረንሳይኛን ጥላ ወደ እንግሊዝኛ ሄዳለች ይባላል። ታዲያ የፍራንኮፎኒ ማኅበር ዋና ጸሐፊ እንዴት ሩዋንዳዊት ሆኑ?

መልስ፦ ጥሩ ያዝሽው እህቴ። ሩዋንዳ ፈረንሳይኛን ከሕጓ አላወጣችም፤ እንግሊዝኛን፣ ቆይታም ስዋሂሊን ጨመረች። ከ2008 ጀምሮ ግን ትምህርቱን ወደ እንግሊዝኛ አዞረች። ከዘር ማጥፋቱ በኋላ ከፓሪስ ጋር የነበረው ቅሬታና የምሥራቅ አፍሪካ ገበያ አንድ ላይ ገፍተዋታል። በ2018 የውጭ ጉዳይ ሚኒስትሯ ሉዊዝ ሙሺኪዋቦ ለዋና ጸሐፊነት ሲመረጡ ብዙ ሰው ዓይኑን አሸ። የፖለቲካ እርቅ ነበር፤ የተማሪዎቹን የመማሪያ ቋንቋ ግን አልለወጠም።

ጥያቄ፦ እኔ ሞንትሪያል ነው ያለሁት። ካናዳ ሁለት ቋንቋ አላት ተብዬ ነበር የመጣሁት፤ ከመሥሪያ ቤት የሚደርሰኝ ደብዳቤ ግን በፈረንሳይኛ ብቻ ነው።

መልስ፦ ካናዳ ሁለት አላት፤ ሞንትሪያል ያለችበት ክፍለ ሀገር ኩቤክ ግን አንድ። ከ1969 ጀምሮ የፌዴራሉ መንግሥት በእንግሊዝኛም በፈረንሳይኛም ያገለግላል። ኩቤክ በ1977 ባወጣችው የፈረንሳይኛ ቻርተር፣ ሰዎች «ሕግ 101» በሚሉት፣ የክፍለ ሀገሩ ቋንቋ ፈረንሳይኛ ብቻ መሆኑ ጸና፤ የስደተኞች ልጆችም በመንግሥት ትምህርት ቤት በፈረንሳይኛ እንዲማሩ ተደነገገ። በ2022 የወጣው ማሻሻያ ደግሞ ለአዲስ መጪ ስድስት ወር ብቻ ሰጠ፤ ከዚያ በኋላ የክፍለ ሀገሩ መሥሪያ ቤት በመሠረቱ የሚጽፍልህ በፈረንሳይኛ ነው። ሁለቱ ቋንቋ በእኩል የሚሠራበት ክፍለ ሀገር ከፈለግህ ኒው ብረንዝዊክ ብቻ ናት።

ጥያቄ፦ ኢትዮጵያ ውስጥስ ፈረንሳይኛ ኦፊሴላዊ ሆኖ ያውቃል?

መልስ፦ በሕግ አያውቅም። ግን ከኦፊሴላዊ ባልተናነሰ የገባበት ቦታ አለ። የምድር ባቡሩን ሁሉም ያውቀዋል፤ «ለገሃር» የምንለው «ላ ጋር»፣ ማለት ባቡር ጣቢያው፣ ነው። «ፉርጎ»ም ከዚያው መጣ።

ብዙ ሰው የማያውቀው የሕጋችንን ነገር ነው። በ1952 ዓ.ም. የወጣውን የፍትሐ ብሔር ሕግ ያረቀቁት ፈረንሳዊው ሊቅ ሬኔ ዳቪድ ናቸው፤ ያረቀቁትም በፈረንሳይኛ። የ1949 ዓ.ም. የወንጀለኛ መቅጫ ሕግም በስዊዘርላንዳዊው ዣን ግራቨን በፈረንሳይኛ ተረቅቆ ነው ወደ አማርኛ የተመለሰው። የፍትሐ ብሔሩ ከ3,300 በላይ አንቀጾች አሉት። በፍርድ ቤት የሚጸናው የአማርኛው ቅጂ ነው። ሆኖም አማርኛውና እንግሊዝኛው ሲጣሉ ሕግ አዋቂዎች «ረቂቁ ምን ይላል?» ብለው ፈረንሳይኛውን ይፈልጋሉ። እኔም አንድ ወዳጄ ጠበቃ አንዲት ቃል ይዞ ማታ ቤቴ ድረስ መጥቶ ያውቃል። ቃሏ በአማርኛው ሁለት ትርጉም ነበራት፣ በፈረንሳይኛው አንድ። ቡና ሳይፈላ ጨርሰን ተለያየን።

ጥያቄ፦ ኦሊምፒክ ላይ ለምን በፈረንሳይኛ ይጀምራሉ? ሯጮቻችን ሜዳሊያ ሲቀበሉ ሁልጊዜ እሰማለሁ።

መልስ፦ እንቅስቃሴው በ1894 ፓሪስ ላይ በፒየር ደ ኩበርታን ስለተመሠረተ ነው። ቻርተሩ ፈረንሳይኛንና እንግሊዝኛን ኦፊሴላዊ ያደርጋል፤ ሁለቱ ጽሑፎች ሲለያዩ ለረጅም ጊዜ የሚጸናው ፈረንሳይኛው ነበር። የዓለም ፖስታ ኅብረትም ኦፊሴላዊ ቋንቋው ፈረንሳይኛ ነው፤ እንግሊዝኛ እዚያ የሥራ ቋንቋ ሆኖ የተጨመረው ከ1994 ወዲህ ነው። ይኸው፣ እንደገና «የሥራ ቋንቋ»።

ጥያቄ፦ ፈረንሳይኛ እየተማርኩ ነው፤ ቁጥሩ ገደለኝ። ዘጠናን «አራት ሃያ ከአሥር» ማለት ምን የሚሉት ነው? ይህም በሕግ የተደነገገ ነው?

መልስ፦ አልተደነገገም፤ የጥንት የሃያ ቆጠራ ቅሪት ነው። ፓሪስ ውስጥ ከእርሱ ማምለጫ የለህም። ብራስልስና ጄኔቫ ግን ሰው በቀላሉ «ኖናንት» ይላል፤ ሰባም «ሴፕታንት» ነው። ፈተናህን የሚያርመው ቤልጅየማዊ እንዲሆን ጸልይ።