«50,000» የሚል ፓወር ባንክ፦ ጥራቱ በምን ይታወቃል?

ወንድማችን፣ «50,000 ኤምኤኤች የሚል ፓወር ባንክ በርካሽ አገኘሁ፣ ዩትዩብ ላይም አሪፍ ነው ይላሉ፤ ኦሪጅናል መሆኑን በምን ልወቅ?» ብለህ ነበር። ፊት ለፊት ያለውን ትልቅ ቁጥር ተወውና ገልብጠህ የጀርባውን ደቃቅ ጽሑፍ አንብብ።

ኤምኤኤች (mAh) ባትሪ የሚይዘው መጠን መለኪያ ነው። ትልቁ ቁጥር የተሰላው ውስጥ ባለው ባትሪ በ3.7 ቮልት ነው። የሚያወጣው ግን 5 ቮልት ነው፤ ሲቀየርም ከ10 እስከ 15 በመቶው በሙቀት ይባክናል። ስለዚህ እውነተኛው 20,000፣ ማለትም 74 ዋት ሰዓት (የኃይል መጠን፦ አምፔር ሰዓቱ በቮልት ሲባዛ)፣ በ5 ቮልት 12,500 ገደማ ይሰጣል፤ የስልክ ባትሪ ቁጥርም በ5 ሳይሆን በራሱ ዝቅተኛ ቮልት ስለሚሰላ፣ ባለ 5,000 ስልክ 3 ጊዜ ያህል ይሞላል። ይህን ትንሹን ቁጥር «ሬትድ ካፓሲቲ» ብሎ ራሱ የጻፈውን አምራች እኔ የበለጠ አምነዋለሁ። መስመሩ ጭራሽ ከሌለ አትግዛ።

ሚዛን ካለ መዝነው። 18650 የሚባለው ክብ ባትሪ አንዱ 45 ግራም ገደማ ነው፤ ምርጡ እንኳ 3,500 አካባቢ ይይዛል። ለ50,000 ወደ 15 ባትሪ ያስፈልጋል፣ ባትሪው ብቻ ከ650 ግራም በላይ ማለት ነው። ኪስ የሚገባ የ250 ግራም ዕቃ ይህን ሊይዝ አይችልም። ከባድ ነው ብለህም አትመን፤ ውስጣቸው አሸዋ የተሞላባቸው ፓወር ባንኮች ተገኝተዋል።

ቁርጡን የሚነግርህ የዩኤስቢ መለኪያ ነው፤ ቀዳዳው ላይ ተሰክቶ ያለፈውን ኃይል የሚቆጥር ትንሽ ዕቃ። ፓወር ባንኩን ሙሉ ቻርጅ አድርግ፣ መለኪያውን ያለ ገመድ በቀጥታ ሰካበት (ቀጭን ገመድ በ2 አምፔር በሜትር ወደ 1 ቮልት ሊበላ ይችላል)፣ መለኪያው ላይ ስልክ ወይም ሌላ ኃይል የሚወስድ ዕቃ ሰክተህ እስኪያልቅ አስጨርሰው። የምታየው ዋት ሰዓቱን ነው፤ ፈጣን ቻርጅ ወደ 9 ቮልት ሲወጣ ኤምኤኤቹ አንሶ ስለሚታይ ያሳስትሃል። ጀርባው ላይ ከተጻፈው ዋት ሰዓት 80 በመቶውን ከሰጠ ጥሩ ዕቃ ነው፤ ከ70 በታች ከወረደ ለሻጩ መልስ።

ቪዲዮውንም በዚሁ መዝን። ካርቶን ከፍቶ «ምርጥ ነው» የሚለው ማስታወቂያ ነው። በስንት አምፔር እንዳስጨረሰው፣ ስንት ዋት ሰዓት እንዳገኘና ዕቃውን ማን እንደሰጠው የሚናገረውን ፈልግ፤ ጥቂት ናቸው።

አውሮፕላን የምትሳፈር ከሆነ ደግሞ 50,000 ማለት 185 ዋት ሰዓት ነው። እስከ 100 ያለ ፈቃድ፣ እስከ 160 በአየር መንገዱ ፈቃድ ያልፋል፣ ከዚያ በላይ ይከለከላል። ፈታሹ የሚያነበው የተጻፈውን ስለሆነ ውስጡ ባዶ ነው ብትል አይሰማህም። የትኛውንም ፓወር ባንክ በእጅ ያዝ እንጂ በሚጫን ሻንጣ አትክተት።