የአንድ ቤት ልጆች፣ የተለያየ ሕመም

ጥያቄ፦ በ2013 ዓ.ም. ባሕር ዳር፣ ጣና ዳር ባለው ቤታችን እኔና ታናሽ ወንድሜ በአንድ ሳምንት በኮሮና ተያዝን። እኔ በሳል ብቻ ሳልፈው፣ እርሱ ግን ጤነኛ ወጣት ሆኖ ሳለ ኦክስጅን እስከ መፈለግ ደረሰ። ልዩነቱ የሚወረስ ነውን?

መልስ፦ እግዚአብሔር ይማርልዎ። የቫይረሱ መጠን፣ ዕድሜና ሌላ ሕመምም ድርሻ ስላላቸው ሁሉንም ለውርስ መስጠት አይቻልም። ሆኖም ወንድማማቾች ከወላጆቻቸው የሚወርሱት ዘረመል በአማካይ በግማሽ ብቻ ስለሚመሳሰል፣ አንዱ የያዘውን ሌላው ላይይዝ ይችላል። በቫይረስ የተጠቃ ሴል ኢንተርፌሮን የተባለ ፕሮቲን አመንጭቶ በዙሪያው ያሉትን ሴሎች ያስጠነቅቃል፤ በ2020 እ.ኤ.አ. የታተመ ጥናት እንዳሳየው፣ በኮሮና ክፉኛ ከታመሙት ከተመረመሩ ሰዎች ከመቶ 3 እስከ 4 የሚሆኑት ይህን ማስጠንቀቂያ የሚያዳክም የዘረመል ጉድለት ነበረባቸው።

በሦስተኛው ክሮሞዞም (ዘረመልን ከሚሸከሙት የሴል ክሮች በአንዱ) ላይ የሚገኘውና ከኒያንደርታሎች (ከጠፉት ጥንታውያን የሰው ዘመዶች) የተወረሰው፣ ሕመሙን የሚያባብሰው የዘረመል ክፍል ደግሞ በደቡብ እስያ የተለመደ ሲሆን በአፍሪካ ግን እጅግ ብርቅ ነው። ስለዚህ በሌላ ሕዝብ ላይ የተገኘን ውጤት እንዳለ ወደ እኛ ማምጣት ስሕተት ነው፤ ከሁሉም የሰፋ ልዩነት ያለው የአፍሪካውያን ዘረመል በጥናቶች መዘንጋቱም ያሳዝነኛል። ወንድምዎ ቀደም ሲል በጉንፋን ወይም በኩፍኝ ክፉኛ ታሞ ከነበረ፣ የኢንተርፌሮን ጉድለት ምልክት ሊሆን ስለሚችል ይህንኑ ለሐኪሙ ይንገሩ።